ኃይል፣ እንቅስቃሴና ጉልበት፦ ከደብረ ኤልያስ አውድማ እስከ ዓባይ በረሃ





የዚህ እትም የትምህርት ዓምድ በተለይ ለፍሬሽማን ወንድሞችና እህቶች የተዘጋጀ ነው። ርእሱ የጄኔራል ፊዚክስ የመጀመሪያ ምዕራፎች፣ ማለትም እንቅስቃሴ፣ ኃይልና ጉልበት ነው። በቲቶሪያል ክፍላችን በየዓመቱ የምናየው አንድ ነገር አለ። «ፎርስ ምንድን ነው?» ተብሎ ሲጠየቅ ብዙዎቻችን ቀመሩን በቃላችን እንወጣዋለን። «እሺ፣ በሬዎች ማረሻ ሲጎትቱ ስንት ፎርስ አለ? ማን በማን ላይ?» ሲባል ግን ክፍሉ ጸጥ ይላል። ከሚድ ፈተና በኋላ ደግሞ «ፊዚክስ ለእኛ አልተፈጠረም» ብሎ የወደደውን የትምህርት መስክ ለመተው የሚያስብ አይጠፋም።

ችግሩ የአእምሮ ማነስ አይደለም። ብዙዎቻችን በመጀመሪያ በአማርኛ ተማርን፤ ኋላ ላይ ቋንቋው ወደ እንግሊዝኛ ተቀየረ። በዚያ መሻገሪያ ላይ ቃላቱን ተቀበልን፣ ነገሩ ግን ከኋላችን ቀረ። ስለዚህ ዛሬ ወደኋላ እንመለስና ነገሩን ከሚታወቅ ቦታ እንጀምረው። ከእኛ መካከል ደብረ ኤልያስና አካባቢው ያደጉ አሉ፤ ሌሎቻችንም አውድማ፣ ማረሻና ጋሪ ያላየን ጥቂቶች ነን። ፊዚክሱ ያለው እዚያው ነው።

በቅድሚያ ቃላቱን እናስተካክል

በመንደር ቋንቋ «ኃይል»፣ «ጉልበት» እና «አቅም» የሚሉት ቃላት አንዱ በሌላው ቦታ ይገባሉ። ብርቱ ሰውን «ጉልበተኛ» ብንለው፣ «ኃይለኛ» ብንለው ሁሉም ይገባዋል። በፊዚክስ ግን ሦስቱ የተለያዩ ነገሮች ናቸው፤ ማደባለቅ አይቻልም።

ኃይል በእንግሊዝኛው ፎርስ የሚባለው ነው። መግፋት ወይም መሳብ ማለት ነው፤ መለኪያው ኒውተን ነው። ጉልበት ኢነርጂ የሚባለው ሲሆን ሥራ የመሥራት ችሎታ ነው፤ መለኪያው ጁል ነው። አቅም ፓወር የሚባለው ሲሆን ሥራው የሚሠራበት ፍጥነት ነው፤ መለኪያው ዋት ነው። መጠነ ቁስ ማስ ነው፤ አንድ አካል የያዘው የቁስ ብዛት ሲሆን በኪሎ ግራም ይለካል። ክብደት ዌይት ነው፤ ምድር አካሉን የምትስብበት ኃይል ስለሆነ በኒውተን ይለካል። ፍጥንጥነት ማለት ደግሞ አክስለሬሽን ነው። እነዚህን ስድስት ቃላት በአማርኛም በእንግሊዝኛም በደንብ የለየ ተማሪ የመንገዱን ግማሽ ሄዷል።

እንቅስቃሴ፦ የት ነበርን፣ የት ደረስን፣ በስንት ጊዜ?

ከደብረ ኤልያስ ወደ ደብረ ማርቆስ በሚኒባስ እንደምንሄድ እናስብ። የሾፌሩ ቆጣሪ 72 ቢያሳይ መኪናው በሰዓት 72 ኪሎ ሜትር እየሄደ ነው ማለት ነው። 72 ኪሎ ሜትር 72,000 ሜትር ነው፤ አንድ ሰዓት 3,600 ሰከንድ ነው። ብናካፍለው በሰከንድ 20 ሜትር ይሆናል። ፈተና ላይ ሁልጊዜ ይህን ለውጥ አስቀድማችሁ ሥሩ፤ ብዙ ማርክ የሚጠፋው እዚህ ነው።

ቆጣሪው የሚነግረን የፍጥነቱን መጠን ብቻ ነው። አቅጣጫውን ስንጨምርበት በእንግሊዝኛው ቬሎሲቲ የሚባለውን እናገኛለን። ሁለት መኪኖች እኩል 72 ቢነዱ፣ ግን አንዱ ወደ ደብረ ማርቆስ ሌላው ወደ ደብረ ኤልያስ ቢሄድ፣ የፍጥነታቸው መጠን አንድ ነው፤ ቬሎሲቲያቸው ግን ተቃራኒ ነው።

ፍጥንጥነት የቬሎሲቲ ለውጥ ለጊዜ ሲካፈል ነው። ቆሞ የነበረው ሚኒባስ በ20 ሰከንድ ውስጥ በሰከንድ 20 ሜትር ፍጥነት ላይ ቢደርስ፣ በየሰከንዱ ፍጥነቱ በ1 ሜትር በሰከንድ ጨምሯል። ስለዚህ ፍጥንጥነቱ 1 ሜትር በሰከንድ ስኩዌር ነው። ሾፌሩ ፍሬን ይዞ በ4 ሰከንድ ቢያቆመው ፍጥንጥነቱ 5 ሜትር በሰከንድ ስኩዌር ይሆናል፤ አቅጣጫው ግን ወደ ኋላ ነው። መኪናው በአንድ ዓይነት ፍጥነት እየሄደ ኩርባ ቢዞርም ፍጥንጥነት አለው፤ ምክንያቱም አቅጣጫው ተቀይሯል። «ፍጥነቱ ካልጨመረ አክስለሬሽን የለም» የሚለው አባባል በፈተና ብዙዎቻችንን የጣለ ስሕተት ነው።

አውድማው፦ አንደኛውና ሁለተኛው ሕግ

የአጨዳው ወቅት አልፎ ስንዴው በአውድማ ከተወቃ በኋላ ገበሬው ነፋስ ይጠብቃል። ነፋሱ ሲመጣ በመንሽ፣ ኋላም በላይዳ ወደ ላይ ይበትነዋል። ፍሬው ከአጠገቡ ይወርዳል፤ እብቁ ርቆ ይሄዳል። ከልጅነታችን ጀምሮ ያየነው ነገር ነው። ለምን እንደዚያ እንደሚሆን ግን ጠይቀን እናውቃለን?

መጀመሪያ አንድ ነገር እንይ። ፍሬው ከላይዳው ከተለየ በኋላ ወደ ላይ መውጣቱን ይቀጥላል። ማን እየገፋው ነው? ማንም። ላይዳው አሁን አይነካውም። ፍሬው ወደ ላይ የሚሄደው መሄድ ጀምሮ ስለነበር ብቻ ነው። በአየር ላይ ሳለ በእሱ ላይ ያሉት ኃይሎች ሁለት ናቸው፦ ምድር ወደ ታች የምትስበው ስበትና አየሩ የሚያደርስበት ግፊት። የኒውተን አንደኛ ሕግ የሚለው ይህንን ነው፦ ከውጭ የተጣራ ኃይል ካልመጣበት በቀር የቆመ እንደቆመ፣ የሚንቀሳቀስም በነበረው ፍጥነት ቀጥ ባለ መስመር እንደሄደ ይቀጥላል። አካላት ያላቸው ይህ ያሉበትን ሁኔታ ያለመልቀቅ ጠባይ በእንግሊዝኛው ኢነርሺያ ይባላል። አውቶቡስ በድንገት ሲቆም ወደ ፊት የምንወረወረውም ማንም ገፍቶን አይደለም፤ አውቶቡሱ ቆመ፣ እኛ ግን መሄዳችንን ቀጠልን።

አሁን ወደ ነፋሱ እንምጣ። የአንድ የስንዴ ፍሬ መጠነ ቁስ በግምት 0.04 ግራም ነው። የአንዱ እብቅ ቅንጣት 0.002 ግራም ነው እንበል፤ ከፍሬው 20 ጊዜ ያነሰ ማለት ነው። እብቁ ቀላል ይሁን እንጂ ሰፋ ያለ ስለሆነ ነፋሱ ሁለቱንም በእኩል ኃይል ይገፋቸዋል ብለን እንውሰድ። የኒውተን ሁለተኛ ሕግ እንዲህ ይላል፦

የተጣራ ኃይል = መጠነ ቁስ × ፍጥንጥነት

ኃይሉ እኩል ከሆነና የእብቁ መጠነ ቁስ 20 ጊዜ ካነሰ፣ ወደ ጎን ያለው ፍጥንጥነቱ 20 ጊዜ ይበልጣል። ስለዚህ መሬት እስኪደርስ ባለው አጭር ጊዜ ፍሬው ትንሽ ብቻ ወደ ጎን ሲገፋ እብቁ ርቆ ይሄዳል። ገበሬው ይህን ቀመር አልጻፈውም፤ ግን በየዓመቱ ይሠራበታል።

ከዚህ ቀመር የኒውተንን መለኪያ እናገኛለን። 1 ኒውተን ማለት 1 ኪሎ ግራም መጠነ ቁስ ላለው አካል 1 ሜትር በሰከንድ ስኩዌር ፍጥንጥነት የሚሰጥ ኃይል ነው።

ማረሻው፦ «የተጣራ» የሚለው ቃል ለምን አስፈለገ?

ጥማድ በሬዎች ማረሻውን በእኩል ፍጥነት ቀጥ አድርገው እየጎተቱ ነው። ጥያቄው ይህ ነው፦ በማረሻው ላይ ያለው የተጣራ ኃይል ስንት ነው?

ብዙዎቻችን «በሬዎቹ እየጎተቱ ስለሆነ ኃይሉ ወደ ፊት ነው» እንላለን። ትክክለኛው መልስ ግን ዜሮ ነው። ፍጥነቱ ካልተቀየረ ፍጥንጥነቱ ዜሮ ነው፤ ፍጥንጥነቱ ዜሮ ከሆነ በሁለተኛው ሕግ መሠረት የተጣራው ኃይል ዜሮ ነው። ታዲያ የበሬዎቹ ድካም የት ሄደ? በሬዎቹ በ1,000 ኒውተን ወደ ፊት ይጎትታሉ እንበል፤ አፈሩም በ1,000 ኒውተን ወደ ኋላ ይይዛል። ሁለቱ ተጣፉ። ኃይል የለም ማለት ሳይሆን ኃይሎቹ እኩል ሆኑ ማለት ነው። በሬዎቹ ቢያቆሙ የአፈሩ ኃይል ብቻውን ይቀርና ማረሻው ወዲያው ይቆማል።

የጥንት ሰዎች «ነገር የሚንቀሳቀሰው እስከተገፋ ድረስ ብቻ ነው» ብለው ያሰቡት ሁልጊዜ ሰበቃና አፈር ባለበት ዓለም ውስጥ ስለምንኖር ነው። ኃይል የሚያስፈልገው እንቅስቃሴን ለማቆየት ሳይሆን ለመቀየር ነው። ይህችን አንዲት ዓረፍተ ነገር የያዘ ሰው ኒውተንን ተረድቷል።

ጋሪው፦ ሦስተኛው ሕግ

ሦስተኛው ሕግ እንዲህ ነው፦ አንዱ አካል በሌላው ላይ ኃይል ሲያሳርፍ፣ ያኛውም በመጀመሪያው ላይ መጠኑ እኩል፣ አቅጣጫው ተቃራኒ የሆነ ኃይል ያሳርፋል። በቲቶሪያል ሁልጊዜ የሚነሳው ጥያቄ ይህ ነው፦ «ፈረሱ ጋሪውን በሚጎትትበት ልክ ጋሪውም ፈረሱን ወደ ኋላ ከጎተተው እንዴት ይንቀሳቀሳሉ?»

መልሱ ያለው «በማን ላይ?» በሚለው ጥያቄ ውስጥ ነው። ሁለቱ ኃይሎች በተለያዩ አካላት ላይ ያረፉ ስለሆኑ አይጣፉም። ስለ ጋሪው ስንጠይቅ በጋሪው ላይ ያሉትን ብቻ እንቁጠር፦ ፈረሱ ወደ ፊት ይስበዋል፣ ሰበቃ ወደ ኋላ ይይዘዋል። የፈረሱ ከበለጠ ጋሪው ይነሳል። ስለ ፈረሱ ስንጠይቅ ደግሞ በፈረሱ ላይ ያሉትን እንቁጠር፦ ጋሪው ወደ ኋላ ይስበዋል፣ መሬት ወደ ፊት ትገፋዋለች። አዎ፣ መሬት! ፈረሱ በኮቴው መሬትን ወደ ኋላ ይገፋል፤ መሬትም መልሳ ወደ ፊት ትገፋዋለች። በክረምት ጭቃ ላይ ኮቴው ሲንሸራተት ፈረሱ ብርታቱ ሳይቀንስ የማይሄደው መሬት መልሳ ልትገፋው ስላልቻለች ነው።

አንድ ወጥመድም እንጠቁም። ለሰላት ቀጥ ብለን ስንቆም ምድር ወደ ታች ትስበናለች፤ ወለሉ ወደ ላይ ይገፋናል። ሁለቱ እኩልና ተቃራኒ ናቸው፤ ግን የሦስተኛው ሕግ ጥንድ አይደሉም! ሁለቱም ያረፉት በእኛ ላይ ነውና። ምድር እኛን የምትስብበት ኃይል ጥንዱ እኛ ምድርን የምንስብበት ኃይል ነው። ወለሉ እኛን የሚገፋበት ኃይል ጥንዱ ደግሞ እኛ ወለሉን የምንገፋበት ነው። ይህ ልዩነት ፈተና ላይ ደጋግሞ ይመጣል።

ሚዛኑ፦ መጠነ ቁስና ክብደት

አንድ ኩንታል ስንዴ 100 ኪሎ ግራም ነው። ይህ መጠነ ቁሱ ነው። ክብደቱን ለማግኘት በስበት ፍጥንጥነት፣ ማለትም በ9.8 ሜትር በሰከንድ ስኩዌር እናባዛዋለን፤ 980 ኒውተን ይሆናል። ለስሌት እንዲቀለን ከዚህ በታች 9.8ን 10 አድርገን እንወስዳለን። ኩንታሉ ጨረቃ ላይ ቢወሰድ 100 ኪሎ ግራምነቱ አይቀየርም፤ ክብደቱ ግን ወደ አንድ ስድስተኛ ይወርዳል።

የገበያው ሚዛን ሁለት ዓይነት ነው። ሁለት ሳህን ያለው ሚዛን እህሉን ከድንጋዩ ወይም ከብረቱ ጋር ያወዳድራል፤ ስበት ቢቀንስ በሁለቱም በኩል እኩል ስለሚቀንስ ውጤቱ አይለወጥም። በሞላ የሚሠራው ተንጠልጣይ ሚዛን ግን የሚለካው የሚጎትተውን ኃይል ነው፤ ሞላው ከላላ ወይም ዜሮው ካልተስተካከለ ይዋሻል። በሚዛን ማጭበርበርን አላህ በቁርኣን አጥብቆ ከልክሏል፤ አል ሙጠፊፊን የተባለው ሱራ ስሙን ያገኘው ከዚሁ ነው። ነጋዴ ቤተሰብ ያለን ተማሪዎች ሚዛኑ እንዴት እንደሚሠራ አውቀን ዜሮውን ብናስተካክል ለቤታችን ሪዝቅ ሐላልነት አንድ አስተዋጽኦ ነው።

ጄሪካኑ፦ ሥራ፣ ጉልበትና አቅም

ውኃ ሲጠፋ 20 ሊትር ጄሪካን ተሸክመን ፎቅ የወጣን ሁሉ ይህን ክፍል በትከሻችን እናውቀዋለን። 20 ሊትር ውኃ 20 ኪሎ ግራም ነው፤ ክብደቱ 200 ኒውተን። 9 ሜትር ከፍ ወዳለ ፎቅ ብናወጣው፦

ሥራ = ኃይል × በኃይሉ አቅጣጫ የተሄደ ርቀት = 200 × 9 = 1,800 ጁል

ይህ ሥራ አልጠፋም። በውኃው ውስጥ የከፍታ ጉልበት ሆኖ ተቀምጧል፤ በእንግሊዝኛው ፖቴንሻል ኢነርጂ የሚባለው ነው። ቀመሩም መጠነ ቁስ × የስበት ፍጥንጥነት × ከፍታ ነው።

አሁን ያንኑ ጄሪካን ተሸክመን በኮሪደሩ 50 ሜትር አግድም ብንሄድስ? ወደ ላይ የያዝንበት ኃይል የሠራው ሥራ ዜሮ ነው፤ ምክንያቱም ኃይሉ ወደ ላይ ነው፣ ጉዞው ወደ ጎን። «ታዲያ ለምን ደከመን?» ጡንቻችን ቆሞ ሲይዝም ውስጡ ያለማቋረጥ እየተኮማተረ ከምግብ ያገኘውን ጉልበት ወደ ሙቀት ስለሚለውጥ ነው። ድካም ሁሉ በፊዚክስ ትርጉም ሥራ አይደለም።

አቅም ደግሞ ሥራ ለጊዜ ሲካፈል ነው። 60 ኪሎ የሚመዝን ተማሪ ባዶ እጁን እነዚያን 9 ሜትሮች በ15 ሰከንድ ቢወጣ 600 × 9 = 5,400 ጁል ሠርቷል፤ አቅሙ 5,400 ÷ 15 = 360 ዋት ነው። በ30 ሰከንድ ቢወጣ ሥራው ያው ነው፤ አቅሙ ግን 180 ዋት ብቻ ይሆናል። ከላይ ያየናቸው በሬዎች በ1,000 ኒውተን እየጎተቱ በሰከንድ ግማሽ ሜትር ቢሄዱ አቅማቸው 500 ዋት ነው።

የሚንቀሳቀስ ነገር ያለው ደግሞ የእንቅስቃሴ ጉልበት፣ በእንግሊዝኛው ካይኔቲክ ኢነርጂ ነው፦

ግማሽ × መጠነ ቁስ × ፍጥነት × ፍጥነት

ፍጥነት ሁለት ጊዜ መግባቱን አስተውሉ። ፍጥነት እጥፍ ሲሆን የእንቅስቃሴ ጉልበት አራት እጥፍ ይሆናል። ይህ ቀመር ከፈተና ውጭም ነፍስ ያድናል።

ዓባይ በረሃ፦ ጉልበት አይጠፋም፣ ይለወጣል

የደብረ ኤልያስ ወረዳ በደቡብ በኩል የሚወርደው ወደ ዓባይ ነው። ከአዲስ አበባ ወደ ደብረ ማርቆስ የሚመጣም ሰው ይህንኑ ወንዝ ይሻገራል፤ ከጎሐ ጽዮን ወደ ድልድዩ ወርዶ ወደ ደጀን ይወጣል። ከገደሉ አፍ እስከ ወንዙ ያለው የከፍታ ልዩነት ከ1,000 ሜትር በላይ ነው። እኛ 1,000 ሜትር ብቻ እንቁጠር።

ከነጭነቱ 40 ቶን፣ ማለትም 40,000 ኪሎ ግራም የሚመዝን ተሳቢ መኪና ከላይ ሲነሳ ከወንዙ አንጻር ያለው የከፍታ ጉልበት፦

40,000 × 10 × 1,000 = 400,000,000 ጁል

መኪናው ታች ሲደርስ ይህ ጉልበት የት ይሄዳል? ጉልበት አይፈጠርም፣ አይጠፋም፤ ከአንዱ መልክ ወደ ሌላው ይለወጣል እንጂ። ወደ እንቅስቃሴ ከተለወጠ መኪናው እየበረረ ሊሄድ ነው፤ ያ ደግሞ ሞት ነው። ስለዚህ አብዛኛው ወደ ሙቀት መለወጥ አለበት። አንድ ሊትር ውኃ ከ20 እስከ 100 ዲግሪ ለማሞቅ 336,000 ጁል ያህል ይበቃል። በዚህ ስሌት የዚያ መኪና የከፍታ ጉልበት ከ1,100 ሊትር በላይ ውኃ ያፈላል ማለት ነው። ይህ ሁሉ ሙቀት በፍሬን ሸራ ላይ ብቻ ከወደቀ ሸራው ይግላል፤ ሲግል ሰበቃው ይቀንሳል፤ ሾፌሩ ቢረግጥም ፍሬኑ አይዝም። «ፍሬን እምቢ አለው» የምንለው ብዙ ጊዜ ይህ ነው። ጠንቃቃ ሾፌሮች ቁልቁለቱን በዝቅተኛ ማርሽ በዝግታ የሚወርዱት መኪናው በሞተሩ እንዲያዝና ሙቀቱ ፍሬኑ ላይ ብቻ እንዳይከማች ነው።

ስለ ፍጥነትም እንይ። ፍሬኑ 5 ሜትር በሰከንድ ስኩዌር ፍጥንጥነት የሚሰጥ ከሆነ፣ በሰዓት 36 ኪሎ ሜትር የሚሄድ መኪና ፍሬን ከተያዘ በኋላ በ10 ሜትር ውስጥ ይቆማል። በ72 የሚሄደው ግን 40 ሜትር ያስፈልገዋል። ፍጥነቱ እጥፍ፣ መቆሚያው አራት እጥፍ። በ72 ሲሄድ ድንገት በተጋጨ መኪና ውስጥ ቀበቶ ያላሰረ 60 ኪሎ የሚመዝን ሰው 12,000 ጁል የእንቅስቃሴ ጉልበት ይዞ ወደ ፊት ይሄዳል። ይህ ከ20 ሜትር ከፍታ ከወደቀ ሰው ጉልበት ጋር እኩል ነው። ከስድስተኛ ፎቅ በላይ ማለት ነው!

ወንድሞችና እህቶች፣ ለዕረፍት ወደ ቤት ስንሄድ ቀበቶ ማሰርን «ቀደር ነው፣ የተጻፈው ይሆናል» ብለን አንተወው። ነቢያችን (ሰ.ዐ.ወ) ያስተማሩን ግመልን አስሮ ከዚያ በአላህ መመካትን ነው። ቀበቶ ማሰር፣ የሚበርን ሾፌር በአክብሮት «ቀስ በል ወንድሜ» ማለት፣ ከዚያ የጉዞ ዱዓ ማድረግ፤ ተወኩል ይህ ነው። ሰበቡን ማወቅ የሰበቦቹን ፈጣሪ መርሳት አይደለም፤ እንዲያውም ሥርዓቱን ያጸናውን ጌታ በበለጠ ማመስገኛ ነው።

ይኸው ዓባይ ወደ ታች ወርዶ በታላቁ የሕዳሴ ግድብ ሲያልፍ ደግሞ የከፍታ ጉልበቱ ወደ ኤሌክትሪክ ይለወጣል።  በየሰከንዱ 1 ሜትር ኩብ ውኃ፣ ማለትም 1,000 ኪሎ ግራም፣ 100 ሜትር ቢወርድ 1,000 × 10 × 100 = 1,000,000 ዋት፣ ማለትም 1 ሜጋ ዋት ይሰጣል። በእርግጥ ከዚህ ላይ ተርባይኑና ጄኔሬተሩ ጥቂት ያባክናሉ። የግድቡ የተተከለ የማመንጨት አቅም 5,150 ሜጋ ዋት ነው። በመኪናው ላይ አደጋ የነበረው ጉልበት እዚህ መብራት ሆነ፤ ቀመሩ ግን አንድ ነው።

ከእኛ በፊት የነበሩት

አሪስቶትል ነገር የሚንቀሳቀሰው የሚያንቀሳቅሰው እስካለ ድረስ ነው ብሎ አስተምሮ ነበር። በ6ኛው ክፍለ ዘመን የእስክንድርያው ዮሐንስ፣ በዐረብኛ የሕያ አን ነሕዊ የሚባለው፣ ይህን ተቃወመ። ኢብን ሲና (980–1037 እ.ኤ.አ.) ወርዋሪው ለተወረወረው ነገር «መይል» የተባለ ዝንባሌ ይሰጠዋል፤ የሚቃወመው ነገር ከሌለም አይቆምም ብለው አሰቡ። ከዚህም ተነሥተው እንዲህ ያለ ማብቂያ የሌለው እንቅስቃሴ ስለማይታይ ባዶ ቦታ የለም ወደሚል ድምዳሜ ሄዱ። በ12ኛው ክፍለ ዘመን አቡል በረካት አል ባግዳዲ የሚወድቅ ነገር ፍጥነቱ ለምን እየጨመረ እንደሚሄድ በተደራራቢ መይል ለማስረዳት ሞከሩ። አል ኻዚኒ በ1121 እ.ኤ.አ. «ሚዛኑል ሒክማ» የተሰኘውን ስለ ሚዛን፣ ስለ ክብደትና ስለ ቁሶች እፍጋት የሚያትት ሰፊ መጽሐፍ ጻፉ። ጋሊሊዮ በ1638 ስለ እንቅስቃሴ ያሳተመው መጽሐፍና ኒውተን በ1687 ሦስቱን ሕጎች ያስቀመጠበት ሥራ ከዚያ በኋላ የመጡ ናቸው።

እዚህ ላይ አንድ አማና አለብን። «የኒውተንን ሕጎች ሙስሊሞች ሙሉ በሙሉ አግኝተዋቸው ነበር፣ ኒውተን ሰረቀ» የሚል ወሬ አንዳንዴ በመካከላችን ይዞራል። እውነት አይደለም። ሊቃውንቶቻችን ትክክለኛ ጥያቄዎችን ጠየቁ፣ አንዳንዱን መለሱ፣ አንዳንዱን ሳቱ፤ የኃይልን፣ የመጠነ ቁስንና የፍጥንጥነትን ግንኙነት በሒሳብ አጽንቶ ያቆመው ኒውተን ነው። አባቶቻችንን ለማክበር ያልሠሩትን መጨመር አያስፈልግም፤ የሠሩት ይበቃቸዋል። ለእነሱ የሚገባቸው ክብር እኛ ቁጭ ብለን ማጥናታችን ነው።

እንዴት እናጥና?

ሦስት ነገሮችን እንመክራለን። አንደኛ፣ ጥያቄውን መጀመሪያ በአፍ መፍቻ ቋንቋችሁ ለራሳችሁ ተርኩት፤ አማርኛም ይሁን ኦሮምኛ ወይም ሌላ። መተረክ ካቃታችሁ ገና አልገባችሁም ማለት ነው። ሁለተኛ፣ አካሉን በነጠላ ሣሉና በእሱ ላይ ያረፉትን ኃይሎች ብቻ በቀስት አሳዩ፤ ለእያንዳንዱ ቀስት «ማን ነው የሚገፋው ወይም የሚስበው?» ብላችሁ ጠይቁ። የሚገፋው ካልተገኘ ቀስቱ ይሰረዝ። ሦስተኛ፣ መለኪያዎቹን አስተካክሉ። ቀመር የሚመጣው ከዚህ ሁሉ በኋላ ነው።

ራሳችሁን ፈትኑ

1. የ50 ኪሎ ግራም ጤፍ ክብደት ስንት ኒውተን ነው?
2. 1,200 ኪሎ ግራም የሆነ መኪና ከቆመበት ተነሥቶ በ10 ሰከንድ ውስጥ በሰከንድ 15 ሜትር ፍጥነት ላይ ደረሰ። ፍጥንጥነቱና የተጣራው ኃይል ስንት ነው?
3. አውቶቡስ ሜዳ ላይ ቀጥ ባለ መንገድ በማይለወጥ ፍጥነት ይሄዳል። የተጣራው ኃይል ስንት ነው?
4. 25 ኪሎ ሻንጣ ተሸክማችሁ 200 ሜትር አግድም ብትሄዱ ወደ ላይ የያዛችሁበት ኃይል ስንት ሥራ ሠራ?
5. ድንጋይ ከ5 ሜትር ከፍታ ቢለቀቅ መሬት ሲደርስ ፍጥነቱ ስንት ይሆናል?

መልስ፦ 1) 500 ኒውተን። 2) 1.5 ሜትር በሰከንድ ስኩዌር፤ 1,800 ኒውተን። 3) ዜሮ። 4) ዜሮ። 5) የከፍታ ጉልበቱ ሁሉ ወደ እንቅስቃሴ ጉልበት ስለሚለወጥ መጠነ ቁሱ ከሁለቱም በኩል ይሰረዛል፤ የፍጥነቱ ስኩዌር 2 × 10 × 5 = 100፣ ስለዚህ ፍጥነቱ በሰከንድ 10 ሜትር ነው። የአየሩን ግፊት አልቆጠርንም።

አምስቱን ያገኘ አላህ ይጨምርለት፤ ያገኘውንም ከጎኑ ላለው ወንድም፣ ከጎኗ ላለች እህት ያስተምር። ሁለትና ሦስት የሳተ ደግሞ አይፈር፤ ወደ ቲቶሪያል ክፍላችን ይምጣ። «አልገባኝም» ማለት የዒልም የመጀመሪያ በር ነው፤ በዚያ በር ያልገባ ከእኛ መካከል የለም።

አላህ የሚጠቅም ዕውቀትን ይስጠን፣ ያወቅነውንም የምንሠራበት ያድርገን። ኣሚን።